ዘግይቶ የሚዘል እንቁራሪት

ሳዋኮ ካጂታኒ ከአረጋውያን ጋር መዋል ከመጀመሯ በፊት፣ ለስምንት ዓመት ደመወዝ ይከፈላት የነበረው ለመውደቅ ነበር። ጉድጓድ ውስጥ ትወድቃለች፣ እሾህ ላይ ትወድቃለች፣ ከደመና ላይ ትወድቃለች፤ ከዚያ የት እንደወደቀች ትጽፋለች። ኦሳካ ውስጥ፣ ከአንድ የጣውላ መጋዘን በላይ፣ የቪዲዮ ጨዋታ የሚሠራ ትንሽ ኩባንያ ነበር፤ እሷ እዚያ የጨዋታዎቹን ስሕተት የምትለቅም ፈታሽ ነበረች። ኩባንያው የሚሠራው ጨዋታ ሁሉ አንድ ዓይነት ነው። አንድ ትንሽ ፍጡር ከግራ ወደ ቀኝ ይሮጣል፣ ይዘላል፣ ካልቻለም ይሞታል።

ጠረጴዛዋ ላይ ሁለት ቴሌቪዥን ጎን ለጎን ተቀምጦ ነበር። በቀኙ ለአገር ቤት የሚሸጠው፣ በግራው ለውጭ አገር የሚላከው ያው ጨዋታ። ያው ይባል እንጂ ያው አልነበረም። እዚህ ዛፍ ሥር ቁጭ ብሎ ሳኬ የተባለውን የሩዝ ጠጅ የሚጠጣው ሽማግሌ እዚያ ወተት ይጠጣል። እዚህ መቃብሩ ላይ ያለው መስቀል እዚያ ተራ ድንጋይ ይሆናል። አሜሪካ ውስጥ ልጆች ጨዋታ ለሁለት ቀን ተከራይተው ሰኞ ሳይደርስ ስለሚጨርሱት፣ ሻጮቹ እንዲከብድ ይፈልጋሉ፤ ስለዚህ ወደዚያ የሚሄደው ላይ እሾህ ይጨመራል። ጀግናው እንኳ ፊቱ አይተርፍለትም። የውጭ ልጆች ፈገግታ አይወዱም ስለተባለ ቅንድቡን ወደ ታች ስበው ያስቆጡታል።

ቁልፎቹም ይለዋወጣሉ። ጃፓን ውስጥ መምህር ልክ የሆነውን መልስ በክብ ይከብበዋል፤ በተሳሳተው ላይ ኤክስ ያደርጋል። ስለዚህ በመቆጣጠሪያው ላይ ክብ ያለበት ቁልፍ «እሺ»፣ ኤክስ ያለበት «እምቢ» ነው። ይህን ማንም ለማንም አስረድቶ አያውቅም። ወደ ውጭ በሚላከው ግን ይገለበጣል። ሳዋኮ ከቀኙ ቴሌቪዥን ወደ ግራው ስትዞር፣ የግማሽ ቀን ሥራዋን በገዛ አውራ ጣቷ የደመሰሰችበት ጊዜ ጥቂት አይደለም።

ከሁሉም የምትጠላው ለአውሮፓ የሚሄደውን ነበር። የአውሮፓ ቴሌቪዥን በሴኮንድ ሃምሳ ጊዜ ሥዕል ይስላል፣ የጃፓኑ ስድሳ ጊዜ። ጨዋታውን ለዚያ ማስተካከል ጊዜ ይፈልጋል፤ ጊዜ ደግሞ አይገኝም። ሳይስተካከል ሲቀር ጀግናው ጭቃ ውስጥ እንደገባ ሰው ይሮጣል። አንድ ቀን ወረቀቷ ላይ «ይዘገያል፣ ያሳዝናል» ብላ ጻፈች። አለቃዋ አነበበና ሳቀ።

«አውሮፓ ያሉት የእኛን አላዩትም። ያላዩት ነገር አይናፍቃቸውም» አላት። «ደግሞ ‹ያሳዝናል› ምን ማለት ነው? አንቺ አይተሽ ጻፊ። ፍርዱን ለእኛ ተዪው።»

ሳዋኮ ሁለተኛ «ያሳዝናል» ብላ አልጻፈችም።

ኩባንያው ሲዘጋ ሠላሳ አንድ ዓመቷ ነበር። አጭር ኮርስ ወስዳ በምሥራቅ ኦሳካ፣ አነስተኛ ፋብሪካዎች በተጠጋጉበት ሰፈር፣ አረጋውያን ጠዋት መጥተው ማታ የሚመለሱበት መዋያ ውስጥ ተቀጠረች። አሁን አርባ ሰባት ዓመቷ ነው። ገላ ታጥባለች፣ እግር በፎጣ ታደርቃለች፣ የሙቀት መለኪያ ብብት ውስጥ ታስገባለች። ብዙ አታወራም። አብረዋት የሚሠሩት ስለ እሷ ሲጠየቁ «ሳዋኮ? ታያለች» ይላሉ። አንዲት አሮጊት ካለፈው ሳምንት ጀምራ ሲኒዋን በግራ እጇ ማንሣቷን ከሐኪሙ በፊት ያየችው እሷ ናት። ከፈታሽነቷ ዘመን የያዘችውን ባለ አራት መስመር ወረቀቷንም አልተወችም፦ ቦታው፣ የተደረገው፣ የሆነው፣ መሆን የነበረበት።

ቶኩጂ ኦቺያይ ወደ መዋያው በሳምንት ሦስት ቀን የሚመጡ የሰባ አምስት ዓመት ሰው ነበሩ። ሃምሳ ዓመት ብረት ሲቀርጹ ኖረዋል። ቤታቸው ከላይ፣ ማሽናቸው ከታች። ዓይናቸው ከደከመ ቆይቷል፤ ግን ማሽኑ ላይ ስለቱ መዶልዶሙን የሚያውቁት በጆሮ ስለነበር የዓይናቸውን ነገር ደንበኞቻቸው ሳይሰሙት ቀርተዋል። ሚስታቸው ሱሚኤ ከሞተች ስድስት ዓመት ሆኗታል። ልጃቸው ሂዴፉሚ ናጎያ ነው የሚኖረው።

ሂዴፉሚ አሥራ ሦስት ዓመት ሲሞላው የጨዋታ ማሽን ገዝተውለት ነበር። ልጁ በወሩ ሰለቸው፤ ማሽኑን አባትየው ወረሱት። ከጨዋታዎቹ ሁሉ የያዛቸው አንድ ነበር፤ የወረቀት ጃንጥላ የያዘ እንቁራሪት ከቅጠል ወደ ቅጠል፣ ከጣሪያ ወደ ጣሪያ የሚዘልበት። እሑድ ጠዋት ሱሚኤ አጠገባቸው ተቀምጣ ካኪ የተባለውን ብርቱካንማ ፍሬ እየላጠች፣ እሳቸው ያዘልሉት ነበር። ያ ማሽን አርጅቶ ከሞተ በኋላ፣ ባለፈው መስከረም ሂዴፉሚ ሠላሳ የድሮ ጨዋታዎች በውስጡ ያሉበትን ትንሽ ሳጥን ከኢንተርኔት አዝዞ ላከላቸው። ቤት ብቻቸውን ከሚጫወቱ ብሎ መዋያው ውስጥ ባለው ቴሌቪዥን ላይ አስተከለላቸው።

ከዚያ ወዲህ ኦቺያይ ይወድቁ ጀመር።

«ኦቺያይ ሳን፣ ዛሬም እንቁራሪቱን ልታሰምጡት ነው?» ትላቸዋለች ማትሱዮ የተባለች ሹራብ የማትለቅ አሮጊት፣ ‹ሳን› የሚለውን የአክብሮት መጠሪያ ሳትረሳ።

«አንቺ ሹራብሽን ሥሪ።»

«የእኔ ሹራብ እንኳ ቢያንስ ወደ ፊት ይሄዳል።»

ሁሉም ይስቃል፤ ኦቺያይም መጀመሪያ መጀመሪያ ይስቁ ነበር። የመጀመሪያው ድልድይ ላይ ይወድቃሉ። ጨዋታው በማያውቁት ፊደል አንድ ነገር ይጠይቃቸዋል፤ ፊደሉን ድሮም አንብበውት አያውቁም፣ ጥያቄው «ትቀጥላለህ?» መሆኑን ያውቃሉ። ክቡን ይጫናሉ። ጨዋታው ከነጭራሹ ያስወጣቸውና ከመጀመሪያው ገጽ ላይ ይጥላቸዋል።

«ቀጥል ስለው ያባርረኛል» ይላሉ፣ እጃቸውን እያዩ።

በኅዳር ወር፣ በአንድ ሐሙስ ቀን ሂዴፉሚ መጣ። የመዋያውን ኃላፊ ኒሺዋኪን ሲያነጋግር ሳዋኮ የገብስ ሻይ ይዛ ገባች።

«አባቴ ያንን ጨዋታ ዓይኑን ጨፍኖ ነበር የሚጫወተው» አለ ሂዴፉሚ። «አሁን የመጀመሪያዋን ድልድይ አያልፍም። እሺ ይሁን፣ እጅ ይደክማል። ግን ‹ትቀጥላለህ ወይ› ሲለው ‹አይ› ይላል! መቀጠል እየፈለገ! አዎንና አይን መለየት ያቃተው ሰው እንዴት ብቻውን ይኖራል? ውኃ ማፍያውንም ሁለት ጊዜ እሳት ላይ ረስቶታል።»

«ምን አሰብክ?» አለች ኒሺዋኪ።

«ናጎያ፣ እኔ አጠገብ፣ ጥሩ የአረጋውያን ማኖሪያ አለ። ክፍል ተገኝቷል። እስከ ወሩ መጨረሻ ቁርጡን ማሳወቅ አለብኝ።»

«እሳቸውስ?»

«ለራሱ ታውቆታል። ‹ልክ ነህ፣ እጄ ሞቷል› አለኝ። የብረት መቅረጫ ማሽኑንም ለጎረቤት ሊሰጠው ነው።»

ሳዋኮ ሻዩን አስቀምጣ ወጣች። እስከዚያ ሳምንት ድረስ መታጠቢያ ክፍል ተመድባ ስለነበር ጨዋታውን ቆማ አይታው አታውቅም። ያን ቀን ግን ኦቺያይ ልጃቸውን ሲጠብቁ መቆጣጠሪያውን አንሥተው ስለነበር ከጀርባቸው ቆመች። መጀመሪያ ያየችው የእንቁራሪቱን ቅንድብ ነው። ወደ ታች ተስቧል። እንቁራሪቱ ተቆጥቷል።

ሁለት እጇን አጣምራ ማየት ጀመረች። ኦቺያይ ወደቁ። ወደቁ። እንደገና ወደቁ። አሥራ አንድ ጊዜ ሲወድቁ ቆጠረች፤ አሥራ አንዱንም ጊዜ የዘለሉት ከአንድ ቦታ ነው፣ ከድልድዩ ጫፍ ሁለት እርምጃ ቀደም ብለው። የሚረሳ ሰው አንዴ ቀድሞ አንዴ ዘግይቶ ይስታል። እኚህ ሰውዬ ግን ሲስቱም ልክ ነበሩ።

ከዚያ ሙዚቃውን ሰማችው። ከበሮ ነበረው፤ ኦቺያይ የሚዘሉት ከበሮው ሲመታ ነው። ሳዋኮ በጣቷ ጭኗን እየመታች ከከበሮው ጋር ሄደች፣ ከዚያ የእንቁራሪቱን እግር አየች። እግሩና ከበሮው አይገናኙም። ሙዚቃው እንደማንኛውም ዘፈን የተቀዳ ስለሆነ በየትም አገር ያው ነው፤ እግሩ ግን የአውሮፓ እግር ነው፣ በሴኮንድ ስድሳ መራመድ ሲገባው ሃምሳ የሚራመድ። የሰውዬው ዓይን ደካማ ነው፤ የሚያምኑት ጆሯቸውን ነው። ጆሯቸው ደግሞ ይሄ የድሮው ጨዋታዬ ነው ይላቸዋል።

የሚቀጥለው ጥያቄ ሲመጣ ማያውን አየችው። ክቡ «እምቢ» ነበር።

በማግሥቱ ጠዋት ወረቀቷን ይዛ ኒሺዋኪ ቢሮ ገባች። ኒሺዋኪ ከላይ እስከ ታች አነበበችው።

«ይሄ የሰው ወረቀት ነው ወይስ የጨዋታ?»

«የሰው ነው።»

«‹መሆን የነበረበት፦ ኦቺያይ ሳን ያልፋሉ።› እርግጠኛ ነሽ?»

«አይደለሁም። የአገር ቤቱን ሲጫወቱ አላየኋቸውም።»

ኒሺዋኪ መነጽሯን አወለቀች። «ሳዋኮ፣ የቤተሰብ ጉዳይ ነው። አባትየው አምነዋል፣ ልጅየው ወስኗል። በዚያኛውም ከወደቁስ? የቀራቸውን ተስፋ በአንቺ እጅ ልትጨርሺው ነው።»

ሳዋኮም ሌሊቱን ያሰበችው ይህንኑ ነው። አይታ ጽፋለች፤ ድሮ ቢሆን እዚህ ላይ ወረቀቱን ትታ ትወጣ ነበር። አልወጣችም።

«ሰው ከቤቱ ሊያስወጡ ነው፣ በአንድ ቁልፍ ምክንያት» አለች። ድምፅዋ ከፍ ስላለ ሁለቱም አፈሩ።

ኒሺዋኪ ለሂዴፉሚ ደወለችለት፤ እሑድ አባቱ ቤት መጥቶ አንድ ነገር እንዲያይ ብቻ ነገረችው።

ሳዋኮ ቤት ምንም ጨዋታ አልነበረም፤ ስምንት ዓመት ስትወድቅ የኖረች ሰው ቤቷ ውስጥ ጉድጓድ አታስቀምጥም። ቅዳሜ ከሰዓት ኒፖንባሺ ወደተባለው የገበያ ሰፈር ሄዳ፣ ያገለገለ ዕቃ ከሚሸጡት ሱቆች በአራተኛው አሮጌ ማሽንና የአገር ቤቱን ዲስክ አገኘች። ከመክፈሏ በፊት የሳጥኑን ሥዕል ወደ ብርሃን ይዛ ቅንድቡን አየች። እንቁራሪቱ ፈገግ ብሏል።

እሑድ ጠዋት ኦቺያይ ቤት ስትደርስ ሂዴፉሚ ከናጎያ በመጀመሪያው ባቡር መጥቶ ነበር። ታች ያለው የብረት መቅረጫ ማሽን በሰማያዊ ሸራ ተሸፍኖ በገመድ ታስሯል። ላይ ኦቺያይ ምንጣፉ ላይ ተቀምጠው የገመዱን ትርፍ እየጠቀለሉ ነው።

«እሑድም አትለቁኝም እንዴ?» አሉ። «ነው ወይስ ገላዬን ልታጥቢኝ ነው?»

«ዛሬ ጨዋታ ነው» አለች ሳዋኮ፣ ገመዶቹን ከቴሌቪዥኑ ጋር እያገናኘች።

«እኔ ትቻለሁ። ማትሱዮን አጫውቻት።»

«አባዬ፣ አንድ ጊዜ ብቻ ሞክረው» አለ ሂዴፉሚ።

«ለምን? አንተም ልታየው ነው? አንዴ አይተህ አልበቃህም?»

ሂዴፉሚ አንገቱን ደፋ። ሳዋኮ መቆጣጠሪያውን ሽማግሌው ጉልበት ላይ አስቀመጠችላቸው። ምን እንደለወጠች አልነገረቻቸውም፤ ብትነግራቸው በእጃቸው ሳይሆን በሐሳባቸው እንደሚጫወቱ ታውቃለች። ኦቺያይ ጥቂት ቆይተው አነሡት፣ እንደማይወዱት ሰው እጅ።

ሙዚቃው ጀመረ። እንቁራሪቱ ሮጠ። ድልድዩ መጣ፣ ከበሮው መታ፤ ኦቺያይ አልዘለሉም። ጠበቁ። ከዚያ ዘለሉ፤ እንቁራሪቱ ከጫፉ አልፎ ውኃ ውስጥ ገባ።

ሂዴፉሚ ወደ ሳዋኮ አላየም። እሷ ግን አይታለች፤ በዚህኛው የወደቁት ዘግይተው ነው። ሁለት ወር ሙሉ ጆሯቸው ሲያታልላቸው ሰንብቶ፣ ማመን ትተዋል።

ጥያቄው ማያው ላይ ወጣ። የሽማግሌው አውራ ጣት ከክቡ በላይ ቆመ፣ ወደ ኤክሱ ሄደ፣ ተመለሰ። ክቡን ተጫኑት። እንቁራሪቱ ከድልድዩ በፊት፣ ጃንጥላውን እንደያዘ ብቅ አለ።

«አላባረረኝም» አሉ ኦቺያይ።

«አያባርርዎትም» አለች ሳዋኮ። አጎንብሳ ወደ ጆሯቸው ቀረበች። «ኦቺያይ ሳን፣ አይጠብቁት። ከበሮው ሲመታ ይዝለሉ።»

«እሱን ሳደርግ አይደል ሁለት ወር የሰመጥኩት?»

«ዛሬ ያድርጉት።»

«ብወድቅ ያንቺ ጥፋት ነው፣ እህቴ።»

«የእኔ ጥፋት ነው።»

ከበሮው መታ። እንቁራሪቱ ተነሣ፣ ድልድዩን አልፎ ማዶ አረፈ። ሁለተኛው ከበሮ፣ ሁለተኛው ቅጠል። ሦስተኛው። አራተኛው ላይ ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ ሳዋኮ ከጎን እያየቻቸው ነበር። ጣሪያዎቹ መጡ፣ የሱቅ ምልክቶቹ መጡ፣ በቀስታ የሚወርደው ፋኖስ መጣ፣ እንቁራሪቱ ጃንጥላውን ዘርግቶ በሁሉም ላይ አለፈ። የሽማግሌው ትከሻ ወደ ታች ወረደ። አፋቸው ትንሽ ተከፍቶ፣ ማሽን የሚያዳምጥ ሰው ፊት መሰሉ።

«እንዴ!» አለ ሂዴፉሚ። «ምንድን ነው ያደረጉት?»

ሳዋኮ በሹክሹክታ ነገረችው። ሃምሳና ስድሳውን፣ ክቡንና ኤክሱን፣ ቅንድቡን። ሂዴፉሚ ሳጥኑን ያዘዘበትን ቀን እያስታወሰ ይመስላል፣ ፊቱ ቀላ።

«ፊደሉ የውጭ መሆኑን አይቻለሁ» አለ። «ድሮም አያነብበውም ብዬ… የገዛሁለት እኔ ነኝ። እኔው ሰጥቼው፣ እኔው ‹አቃተህ› አልኩት።»

«ማንም አያውቀውም ነበር።»

«እርስዎ ግን አወቁት።»

በዚህ መሀል እንቁራሪቱ አንድ ትልቅ የንፋስ ወፍጮ ጋ ደርሶ፣ ከክንፎቹ በአንዱ ተመትቶ ወደቀ። ሳዋኮ ደነገጠች። ሂዴፉሚ ግን በሳቅ ፈረሰ፤ እጁን መሬት ላይ እየመታ ሳቀ፣ ሳቁ ውስጥ ሌላ ነገር ገባበትና በእጅጌው ፊቱን ጠረገ።

«ወፍጮው!» አለ። «አባዬ፣ ወፍጮው! እዚያ ሳትወድቅ አልፈህ ታውቃለህ? እማዬ ‹ወፍጮው ምሳውን በላ› ትል ነበር እኮ!»

«አልፌ አውቃለሁ።»

«መቼ?»

«አንተ ትምህርት ቤት ሆነህ።»

«ውሸትህን ነው።»

«እናትህ ብትኖር ትመሰክርልኝ ነበር።» ኦቺያይ ክቡን ተጫኑ፤ እንቁራሪቱ ከወፍጮው ፊት ብቅ አለ። «እንዴት ነው? አሁንም እጄ ሞቷል?»

ሂዴፉሚ ግን በአንድ ጨዋታ ብቻ የሚረታ ሰው አልነበረም፤ የአባቱ ልጅ ነው፣ ብረቱን ከየአቅጣጫው ነው የሚለካው።

«ውኃ ማፍያውስ? እሱም የውጭ አገር ነው?»

«እሱ የእኔ ነው» አሉ ኦቺያይ፣ ጨዋታውን አቁመው። ወደ ልጃቸው ዞሩ። «እሱን ረስቻለሁ። አልዋሽህም። ስምም እረሳለሁ። ባለፈው ይቺን እህቴን ‹ሱሚኤ› አልኳት፤ እሷም ‹አቤት› አለችኝ፣ አላረመችኝም።»

ሳዋኮ ወደ መስኮቱ ዞረች።

«ሲፈላ በራሱ የሚጠፋ አለ፣ የኤሌክትሪክ» አለች። «ወደ እኛም በሳምንት አምስት ቀን መምጣት ይችላሉ። ኒሺዋኪ ቦታ አለ ብላለች።» ሌላ ነገር መጨመር ፈለገች፤ ሃያ ዓመት የተከለከለችውን ቃል ስትፈልግ ጆሮዋ ጋለ። «ከዚህ ቤት ቢወጡ ያሳዝናል፣ ሂዴፉሚ ሳን። ገና ነው። አንድ ቀን ጊዜው ሊደርስ ይችላል፣ ግን ገና ነው።»

ሂዴፉሚ አባቱን አየ። ኦቺያይ መቆጣጠሪያውን በሁለት እጃቸው እንደያዙ፣ ውጤቱን እንደሚጠብቅ ተማሪ ቀጥ ብለው ተቀምጠው ነበር።

«እስከ ሰኔ እንየው» አለ ሂዴፉሚ። «በየሁለት ሳምንቱ እሑድ እመጣለሁ። ማፍያው ግን ዛሬውኑ ይወጣል።»

«ይውጣ። ሻዩም ጥሞኝ አያውቅም ነበር፣ ብረት ብረት ይላል።»

ሂዴፉሚ ስልኩን አውጥቶ ወደ ደረጃው ሄደ፣ ከታች ሸራ የለበሰው ማሽን ይታየዋል። «አዎ፣ ሂዴፉሚ ኦቺያይ ነኝ» ሲል ተሰማ። «ስለ ክፍሉ ነበር… አይ፣ ለሌላ ሰው ይስጡት… አዎ፣ እርግጠኛ ነኝ። አባቴ ቤቱ ይቆያል… አዎ፣ ደህና ነው፣ እየተጫወተ ነው…»

«አንተ ልጅ!» ጮኹ ኦቺያይ፣ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ እንቁራሪቱን ወፍጮው ፊት አቁመው። «ድምፅህን ቀንስ፣ ከበሮው አይሰማኝም!»